ያልተለመነ አይሾምም

ቤርሼቫ፣ ጎህ ሲቀድ

ታክሲው ደጄ ላይ ሲቆም ገና አልነጋም። ሰማዩ በበረሃው በኩል ብቻ ገርጣ ብሏል። በአንድ እጄ ቦርሳ፣ በሌላው ትናንት ማታ የጋገርሁትን ድፎ ዳቦ በነጠላ ጠቅልዬ ይዣለሁ። ወደ አጎት ቤት ባዶ እጅ አይኬድም።

አንባቢዎቼ እንደምታውቁት እኔ ባሕር የምወድ ሴት አይደለሁም። ወደ ናታንያ የምሄደው ሰርግ ወይም ለቅሶ ሲኖር ነው። ዛሬ ሁለቱም የለም። የምሄደው አንድ ሽማግሌ «እሺ» እንዲሉ ለመለመን ነው። ሽማግሌው አጎቴ ቄስ መንገሻ ናቸው፣ የአባቴ ታናሽ ወንድም። ቄስ ስል የቤተ እስራኤልን ቄስ ማለቴ ነው፤ ኦሪትን በግዕዝ የሚያነቡ፣ ነጭ ጥምጥም የሚጠመጥሙ፣ እዚህ አገር ከመጡ ወዲህ ግን ማጋባት እንኳ በሌላ ሰው ፈቃድ የሆነባቸው።

ሾፌሩ ሳሌም ይባላል። የነጌቭ በደዊን ነው፤ የክሊኒካችንን ሕሙማን ስለሚያመላልስ እንተዋወቃለን። እኔ እዚያ ክሊኒክ አስተርጓሚ ነኝ። የእኛ ሽማግሌዎች ሕመማቸውን በአማርኛ ይናገራሉ፣ እኔ ለሐኪሙ በዕብራይስጥ እደግመዋለሁ። ወዴት እንደምሄድ ጠየቀኝና ነገርሁት። የናታንያ ማዘጋጃ ቤት ለኢትዮጵያ ቤተ እስራኤል በምክር ቤቱ አንድ ቋሚ ወንበር በከተማ ደንብ ጽፎ ሊሰጥ ነው፤ ጉዳዩ ዛሬ ከሰዓት በኋላ ይታያል፤ አጎቴ ወንበሩን ካልተቀበሉ ነገሩ ይቀራል አልሁት።

ሳሌም ወደ ባቡር ጣቢያው ነዳ። ቆይቶ ስለ መንደሩ ያወራልኝ ጀመር። ቅድመ አያቱ የተቀበሩበት ቦታ ነው፤ ይህ መንግሥት ሳይቋቋም በፊት እዚያው ነበሩ። መንደሩ ግን ዕውቅና የለውም፣ ካርታ ላይም አልሰፈረም። የመብራት ሽቦው በላያቸው አልፎ ይሄዳል፣ ወደ ቤታቸው ግን አይወርድም። ለቴሌቪዥን የፀሐይ መብራት ገዝቷል፤ ለማቀዝቀዣው አልበቃም።

«ምርጫ ሲደርስ ግን» አለኝ በመስታወቱ እያየኝ፣ «ካርታ ሳይዙ ያገኙናል።»

ሁለታችንም ሳቅን። ሠላሳ አምስት ሼቄል ከፈልሁት። ሲያወርደኝ አጎቴን ሰላም በይልኝ አለ፤ አይቷቸው አያውቅም።

ባቡር ላይ

ባቡሩ በወታደሮች ተሞልቷል። መሣሪያቸውን ጭናቸው ላይ አጋድመው ያንቀላፋሉ፤ ከመካከላቸው የእኛም ልጆች አሉ። አንዷ ፀጉሯን ሹሩባ ተሠርታለች፣ አፏን ከፍታ ተኝታለች። በመስኮቱ ቢጫ መሬት፣ ከዚያ የባሕር ዛፍ ረድፍ፣ ከዚያ በፕላስቲክ የተሸፈነ የአትክልት እርሻ ያልፋል። ከጣቢያው የገዛሁት የድንች ቡሬካ፣ ድንች የተሞላ የዘይት ቂጣ፣ ዐሥራ ሁለት ሼቄል ነው፤ ዘይቱ ጣቶቼ ላይ ቀረ።

ነገሩን ከሥሩ ልንገራችሁ። የቄስ መንገሻ የልጅ ልጅ ሊአት ትባላለች። እዚሁ የተወለደች የሕግ ተማሪ ናት፤ ኮሌጁ ስለሚቀርባት ከአያቷ ጋር ትኖራለች። እሷና ጓደኞቿ ደጅ ጠንተው፣ ፊርማ አሰባስበው፣ ለከተማው ምክር ቤት ረቂቅ ደንብ አቀረቡ። ረቂቁ ማኅበረሰቡ በገዛ ወጉ የመረጠው አንድ ተወካይ በምክር ቤቱ ቋሚ ወንበር ይኑረው ይላል። ድምፅ አይሰጥም። ግን ስለ ትምህርት ቤታችን፣ ስለ መቃብራችን፣ ስለ ቤተ ጸሎታችንና ስለ ጋብቻችን ሲወሰን ሳይሰሙት አያልፉም። ደንብ ስለሆነም ከንቲባ ሲለወጥ አይለወጥም። በአንድ ደግ ሰው ፈቃድ የተሰጠ ነገር ደጉ ሰው ሲሄድ አብሮ እንደሚሄድ በዚህ አገር ብዙ ጊዜ አይተናል።

ሽማግሌዎቹ ተሰበሰቡና ቄስ መንገሻን መረጡ። አምና የምክር ቤቱ ኮሚቴ አስጠራቸው። «ይህን ኃላፊነት ይፈልጋሉ?» ተባሉ። እሳቸውም፣ «እኔ ለዚህ የምበቃ ሰው አይደለሁም፤ ከእኔ የሚሻል ይፈለግ» አሉ። ጸሐፊው «ዕጩው አልፈለጉም» ብሎ መዘገበ። ስብሰባው ተበተነ።

የእኛ ሰው ይህን ሲያነብ ይስቃል፣ ወይም ራሱን ይይዛል። ለሹመት ተጠይቆ በመጀመሪያው «አዎ» የሚል ማን አለ? እኛ እኮ ማዕድ ፊት ተቀምጠን እንኳ «ብሉ» ሲሉን «አሁን በልቼ መጣሁ» የምንል ሰዎች ነን። ሆዳችን እየጮኸ። ጋባዡም ይህን ስለሚያውቅ «በሞቴ» ይላል፣ ይጎትታል፣ ያጎርሳል። የዚህ አገር ሰው ግን አልፈልግም ካልኸው ሳህኑን ያነሣዋል። ክፋት አይደለም፤ አክብሮህ ነው።

ከዚያ በኋላ ሰው ሁሉ አጎቴን፣ «ለወግ ነው ወይስ ከልብዎ ነው እምቢ ያሉት?» ብሎ ጠየቃቸው። «የልቤን ነው» አሉ። ሌላም ቃል አልጨመሩ። ሽማግሌዎቹ ደግሞ እሳቸው በሕይወት እያሉ ሌላ ሰው መምረጥ ነውር ነው አሉ። ሊአት አንድ ዓመት ሙሉ ደብዳቤ ስትጽፍ፣ ስትደውል ቆይታ ኮሚቴው አንድ ጊዜ ደግሞ ሊሰማቸው ፈቀደ። የምክር ቤቱ ዘመን ሊያልቅ ነው። ዛሬ ካልሆነ ረቂቁ ከምክር ቤቱ ጋር ይሞታል፤ አዲስ የሚመረጡትም እንደገና ያነሡታል ብሎ ማንም አይጠብቅም።

ቴልአቪቭ ላይ ባቡር ስለውጥ ሊአት ደወለች። «ዶዳ» ብላ ነው የምትጠራኝ፣ አክስቴ ማለቷ ነው። አማርኛዋ መንገድ ላይ ዕብራይስጥ ይሆናል። «ዶዳ፣ አንቺን ይሰሙሻል። ብቻ ‹አዎ› ይበሉ። አንድ ቃል፣ ዜሁ፣ በቃ፣ ሌላ አልፈልግም» አለችኝ። ድምፅዋ የደከመ ሰው ድምፅ ነበር።

ናታንያ ጣቢያ፣ ረፋድ

የተቀበለኝ የሊአት አባት ይስማው ነው፣ የአጎቴ ልጅ። ባሕሩ ዳር ካሉት ሆቴሎች በአንዱ ወጥ ቤት ይሠራል፤ የቁርስ ፈረቃውን ጨርሶ ነው የመጣው፣ ልብሱ እንቁላልና ሽንኩርት ይሸታል። ቤቱ ከከተማው ወጣ ብሎ ቃዲማ ዞራን ነው። ሠርቶ፣ ተበድሮ፣ እዚያ ቤት ገዝቷል። አባቱን ግን ከሄፍጺባ ሰፈር ማንቀሳቀስ አልቻለም፤ ጸሎት ቤቱን ትቼ የት እሄዳለሁ ብለውታል።

ይስማው ነገር አያከብድም። መኪናው ውስጥ እንደገባሁ፣ «መጣሽ? በይ እንግዲህ፣ ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል በያቸው» አለኝ። ወንበሩ ደመወዝ እንደሌለው ሳስታውሰው፣ «እሱማ ነው ክፋቱ፣ ላም አለኝ በሰማይ» ብሎ ሳቀ። ቀጥሎ ግን ሳቁን ተወና ልጁ እንቅልፍ እንደሌላት ነገረኝ። ዛሬም ካልተሳካ ትምህርቷን አቋርጣ ወደ ሌላ አገር ለመሄድ አስባለች። ለእናቷ ብቻ ነው የነገረቻት፤ አያቷ አያውቁም። ይህ አገር እንዲሰማት የምትችለውን ሁሉ አድርጋለች፣ ከዚህ በኋላ አቅም የላትም አለኝ።

በስልክ የሰማሁት የደከመ ድምፅ ምን እንደነበር ያን ጊዜ ገባኝ። ተናደድሁ። በማን እንደተናደድሁ ግን እርግጠኛ አልነበርሁም።

ሄፍጺባ፣ ከምሳ በፊት

ሰፈሩ አራት ፎቅ አራት ፎቅ የሆኑ አሮጌ ሕንፃዎች ያሉበት ነው። በረንዳው ሁሉ ልብስ ተሰጥቶበታል። ሕንፃው ሥር ሽማግሌዎች ከዘራቸውን አስደግፈው አግዳሚ ላይ ተቀምጠዋል፣ የሩሲያ አሮጊቶች ደግሞ ፊት ለፊታቸው። ሰላምታ ይለዋወጣሉ፣ ቋንቋ አይለዋወጡም።

አጎቴ በሩን ራሳቸው ከፈቱ። ነጭ ጥምጥማቸው፣ ነጭ ነጠላቸው፣ ከታች ግራጫ የስፖርት ጫማ። ጉልበታቸውን ስሜ ዳቦውን ሰጠኋቸው። ባርከው ቆረሱ። ሻይ በናና ቅጠል አፍልተው፣ ሽሮ በፒታ ቂጣ አቀረቡልኝ። በልቼ ነው የመጣሁ አልሁ፤ «ብይ ልጀ፣ አፈር ስሆን» አሉኝ፤ በላሁ። ይህን ስናደርግ ሁለታችንም ለምን እንደመጣሁ እናውቃለን።

ሻዩ ካለቀ በኋላ ጀመርሁ። ሕዝቡ እሳቸውን መምረጡን፣ ዛሬ የመጨረሻ ቀን መሆኑን፣ ሊአት ምን ያህል እንደደከመች ነገርኋቸው። ልጅቷ ልትሄድ ስለማሰቧ አላነሣሁም፤ የእኔ ምሥጢር አይደለም። በአባቴ ነፍስ ለመንኋቸው። ጉልበታቸው ላይ ተደፋሁ።

አነሡኝ። «አንች ለምነሽ ምን ታደርጊያለሽ?» አሉኝ። «ወንበሩ ያንች አይደለ። ቤቱን የማይዝ ሰው ‹ግቡ› ቢል ማን ይገባል?»

ወዲያው ጨዋታ ለወጡ፣ ወይም ለወጡ መስሎኝ ነበር። ቄስ ሊያደርጓቸው የመጡ ዕለት የሆነውን ያጫውቱኝ ጀመር። አገራቸው ከጎንደር ወዲያ ወገራ ነው። ሽማግሌዎቹ ሲመጡ አይተው ማሽላ ማሳ ውስጥ ተደበቁ። አገሩ ሁሉ ወጥቶ ፈለጋቸው። የት እንዳሉ የጠቆመችው እናታቸው ናት። በእጅና በእግር ይዘው፣ እያለቀሱ፣ እምቢ እያሉ፣ እየጎተቱ ወሰዷቸው። ከዚያ በኋላ ሰው ሁሉ የእሳቸውን ቃል ሰማ፤ ይህ ሰው ሹመት ፈልጎ አልመጣም፣ እኛ ነን የፈለግነው አለ።

«በራሱ አፍ ‹ስጡኝ› ያለ ሰው ሲያስታርቅ ማን ይታረቅለታል?» አሉኝ።

ሊአት ከክፍሏ ወጥታ በር ላይ ቆማ ትሰማ ነበር። ጂንስ ለብሳ፣ ዓይኗ አብጦ። በዕብራይስጥ አንድ ነገር ተናገረች፤ እዚህ ማሽላ የለም፣ የሚፈልግም ሰው የለም ማለቷ ነው። አጎቴ ዕብራይስጡ ገብቷቸዋል፣ እንዳልገባቸው ሆኑ። «ልጅ ያቦካው ለእራት አይበቃም» አሉ በፈገግታ። ለማሾፍ ነበር። እሷ ግን አልሳቀችም፤ ቦርሳዋን ይዛ ወጣች። ተከተልኋት።

ባሕሩ ዳር

አውቶቡስ ይዘን ወረድን። በገደሉ አናት ላይ ያለው መተላለፊያ ጽዱ ነው፣ አበባ ተተክሎበታል፤ ከሥር ባሕሩ በክረምት ነፋስ ይናጣል። ፈረንሳይኛ የሚያወሩ ጡረተኞች ጥቁር መነጽር አድርገው ያልፋሉ። የካውካሰስ ሽማግሌዎች ዶሚኖ እያንኳኩ ይጨቃጨቃሉ። የሆቴሎቹን ደረጃ የሚጠርጉት ሴቶች ግን የእኛ ናቸው። ሁለቱ ሊአትን አውቀው፣ «ዛሬ ነው አይደል?» አሏት። ራሷን ነቀነቀች።

አግዳሚ ላይ ተቀምጠን ሱፍ ፈለቀቅን። ስለ ሕግ ጠየቅኋት፤ ስለ ሕግ ስታወራ ልቧ ይረጋል። ይህ አገር እንደሌሎቹ አንድ ሆኖ የተጻፈ ሕገ መንግሥት የለውም፣ መሠረታዊ ሕጎች የሚባሉ እንጂ። ስለዚህ ስማችን የት ይጻፍ ብትል የምታሳየው አንድ ገጽ የለም። ኢትዮጵያ ደግሞ የብሔር ብሔረሰቦችንና የሕዝቦችን መብት በሕገ መንግሥቷ ስትጽፍ የእኛ ሰው አብዛኛው በአውሮፕላን ወጥቶ አልቋል። ስግድ በዓላችን በሕግ ታውቋል፣ ደስ ይላል፤ ግን በዓል በዓመት አንድ ቀን ነው። በኒውዚላንድ ለጥንቱ የአገሩ ሕዝብ ለማኦሪዎች የተለዩ የፓርላማ ወንበሮች እንዳሉ ነገረችኝ። አያቷም ይህን በነገረቻቸው ጊዜ፣ «ማን ለምኗቸው ተቀመጡ?» ብለው እንደጠየቋት ጨመረች።

«እኔ ምን ልመልስ፣ ዶዳ? ጥያቄው ራሱ አይገባኝም» አለችኝ። «እኛ እኮ ሁልጊዜ አንድ ሰው እስኪጠራን የምንጠብቅ ሰዎች ነን። ጠበቅን፣ ጠበቅን። እኔ መጠበቅ አልችልም።»

ልክ ናት አልሁ በልቤ። አጎቴም ልክ ናቸው። የሁለቱም ልክ መሆን ለማንም አይጠቅምም። ያለችኝን ሱፍ ሰጠኋት፤ አልወሰደችም።

ማዘጋጃ ቤት፣ ከሰዓት በኋላ

አዳራሹ ትንሽ ነው። ረጅም ጠረጴዛ፣ የውኃ ጠርሙሶች፣ ግድግዳው ላይ የከተማው ፎቶግራፍ። ሰብሳቢዋ ፀጉሯን አሳጥራ የተቆረጠች ሽበታም ሴት ናት። ሀብታሞቹ ሰፈር ራማት ፖሌግ ነው የምትኖረው፣ በሕግ ሥራ ጡረታ የወጣች። ወደ ጎን አድርጋ ለሊአት፣ እንዲያልፍ እፈልጋለሁ ስትላት ሰምቻለሁ። ቅን ሴት ናት፣ ነገር ግን ሥራዋን በሥርዓት የምትሠራ።

ከኋላ ሰባት ስምንት ሽማግሌዎቻችን ነጠላቸውን አጣፍተው ተቀምጠዋል። ይስማው የሥራ ልብሱን ለውጦ መጥቷል። አጎቴን ያመጣቸው እሱ ነው። እኔን ከጎናቸው አስቀመጡኝ፤ አስተርጓሚያቸው እኔ ነኝ።

ሰብሳቢዋ ረቂቁን አነበበች። ከዚያ ወደ እሳቸው ዞረች። «ክቡር ቄስ፣ አምና ጠይቀንዎት ነበር። ዛሬም እጠይቃለሁ። ይህን ኃላፊነት ይፈልጋሉ?»

ተረጎምሁ። አጎቴ ከዘራቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው ወለሉን ተመለከቱ።

«እኔ ለዚህ የምበቃ ሰው አይደለሁም» አሉ።

ክሊኒክ ውስጥ የተባለውን ሳልጨምር ሳልቀንስ መናገር ልማዴ ነው፤ እንደዚያው ተናገርሁ። ሊአት ፊቷን በእጇ ሸፈነች። ሰብሳቢዋ ተንፍሳ ብዕሯን አነሣች፤ እንግዲህ የሰውየውን ፈቃድ ማክበር አለብን፣ በጣም አዝናለሁ አለች። ጸሐፊው መጻፍ ጀመረ።

አጎቴ ክርኔን ነኩኝ። «ቆይ በያት» አሉኝ። «ጠይቃ አልጨረሰች።»

ለሰብሳቢዋ ይህን ነገርኋት። ግራ ገባት። ያን ጊዜ አስተርጓሚነቱን ትቼ እንደ ራሴ ተናገርሁ። በእኛ ዘንድ ሰውን ለክብር ስትጠሪው አንድ ጊዜ መጠየቅ ሰላምታ ማለት ነው አልኋት። የሚጠየቀው እምቢ ይላል፣ ጠያቂው ይለምናል፣ ሰው ሁሉ ይለምናል፤ እንዲያ ሲሆን ነው ሹመቱ የሚጸና። አምና አንድ ጊዜ ጠይቃችሁ ሄዳችሁ። ከኋላ ያሉት ሽማግሌዎች አማርኛ ባልናገርም የምለው ገብቷቸው፣ «እንዲያ ነው» አሉ።

ሰብሳቢዋ ብዕሩን አስቀመጠች። «ይህን የነገረን ሰው አልነበረም» አለች። ከዚያ ተነሥታ፣ ጠረጴዛውን ዞራ፣ አጎቴ ፊት መጥታ ቆመች። «እንግዲያው እለምንዎታለሁ» አለች። «ከተማው ይፈልግዎታል።»

ተረጎምሁላቸው። አጎቴ ቀና ብለው አዩአት። ፊታቸው ላይ የነበረውን ምን ብዬ እንደምጽፍ አላውቅም፤ ለረጅም ጊዜ ደክሞት አሁን የተቀመጠ ሰው ፊት ነበር። «እግዜር ይስጥሽ» አሏት። «ስለለመንሽኝ አከብርሻለሁ፣ ልመናሽን አልመልስም፤ ግን ወንበሩ ላይ የማስቀምጠውን ልምረጥ። ቋንቋችሁን የሚችል፣ ሕጋችሁን የሚያውቅ ይሁን።» ከዘራቸውን አንሥተው ወደ ሊአት አመለከቱ።

ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩ። ልጅ ናት፣ ያውም ሴት። አንዱ ጉሮሮውን ጠረገ። አጎቴ ዞር ብለው አዩትና መናገሩን ተወው። ሰብሳቢዋ ረቂቁን ገልጣ አየች፤ ማኅበረሰቡ በወጉ የመረጠው ይላል እንጂ ቄስ ይሁን ሽማግሌ አይልም። ከዚያ ሊአትን ጠየቀቻት። በዕብራይስጥ፣ እንደዚህ አገር ሰው፣ አጭር አድርጋ።

ይህች ልጅ አያቷ አንዲት «አዎ» ባለማለታቸው አንድ ዓመት አልቅሳለች። ይህን ወንበር ከምንም በላይ ትፈልገው ነበር፣ ለአያቷም ይሁን ለራሷ። ቆመች። ዓይኗን ወደ መሬት ጣለች። እጆቿን አጣመረች።

«እኔ? እኔ ለዚህ አልበቃም» አለች። «ከእኔ የሚሻል አለ።»

በዕብራይስጥ ነው ያለችው፣ የአያቷን መልስ ቃል በቃል። ይስማው ከኋላ፣ «አይ አንቺ ልጅ!» አለ። ሰብሳቢዋ ወደ እኔ ዞራ፣ እሷንም ልለምናት ነው? አለችኝ። ልትስቅ ነበር፣ ግን አልሳቀችም።

«አይ» አሉ አጎቴ፣ ሳልተረጉምላቸው። «እሷን የምለምን እኔ ነኝ።»

ተነሡ። መነሣት ከባድ ነው ለእሳቸው፤ ልደግፍ ስል እጄን መለሱት። ወደ ልጅቷ ሄዱ። የጥምጥማቸው አናት እስኪታየን ድረስ ጎንበስ አሉ፣ ቄሱ ለልጅ ልጃቸው። ሽማግሌዎቹ በድንጋጤ ብድግ አሉ።

«ለምኘሻለሁ፣ ልጀ። ተቀመጭበት።»

ሊአት ክንዳቸውን ይዛ ልታነሣቸው ሞከረች፤ አልተነሡም። እንባዋ ፈሰሰ። «እሽ አባባ። እሽ፣ እሽ» አለች። ሽማግሌዎቹ አሁን ሁሉም ቆመው ነበር፤ ጉሮሮውን የጠረገው ሰውዬ ቀድሞ፣ «ይባርክሽ» አለ፣ ሌሎቹም ተከተሉ።

ኮሚቴው እጅ አውጥቶ አጸደቀ። በሚቀጥለው ስብሰባ ሙሉው ምክር ቤት ያየዋል፤ ሰብሳቢዋ ያልፋል ባይ ናት። እኔ ካላየሁ አላምንም። ግን ይህን ስጽፍ እጄ ደስ ብሎታል።

ናታንያ ጣቢያ፣ ማምሻ

አጎቴ ካልሸኘሁሽ አሉ። ነፋሱ ቀዝቃዛ ነው ብንል አልሰሙም። ይስማው መኪና ለማቆም ሄደ፤ ሊአት ስልኳ አላረፈም፣ ከመግቢያው አጠገብ ቆማ እያወራች ነው፣ በሁለቱም ቋንቋ። እኔና አጎቴ ጣቢያው በር ላይ አግዳሚ ላይ ተቀመጥን። ከሥራ የሚመለሰው ሰው በፊታችን ይጎርፋል፤ አንዳንዱ ነጭ ጥምጥሙን ዞሮ ያየዋል።

ደስ ብሎኝ ስለነበር አፌን አልቆለፍሁም። «አባ፣ አሁን እውነቱን ይንገሩኝ» አልኋቸው። «ወንበሩን አልፈለጉትም ነበር?»

ነጠላቸውን ትከሻቸው ላይ አስተካከሉ።

«አምና ፈልጌ ነበር» አሉኝ። «በጣም ፈልጌ ነበር፤ ‹የልቤን ነው› ያልኋችሁ ‹ለምኑኝ› ማለት ስለማይቻል ነው። ያን ቀን ቤት ገብቸ ልብሴን ሳላወልቅ ተቀመጥሁ። ዛሬ ማታ ሰው ይልካሉ አልሁ። ነገ ይልካሉ አልሁ። ከዚያ ለስግድ ይልካሉ አልሁ። ፖስተኛው በር ባንኳኳ ቁጥር ጥምጥሜን አስተካክል ነበር።»

አንድ ዓመት ሙሉ ሁላችንም ግትር ናቸው ስንል የከረምነው እኚህን ሰው ነው።

ባቡሩ መምጣቱ ተነገረ። ተነሥቼ ጉልበታቸውን ሳምሁ። ዘንድሮ ሲለመኑ ታዲያ ለምን ለልጅቷ ሰጡ አልኋቸው።

ወደ ሊአት ተመለከቱ። እጇን እያወናጨፈች ታወራለች።

«ዘንድሮማ ለመኑኝ፣ ልቤ ደረሰ» አሉኝ። «እሷ ግን እንደ እኔ በር ስትጠብቅ አታርጅ ብየ ነው።»